የድንጋይ ሽበት፦ በአንታርክቲካ ዐለት ላይ ስለሚኖር አንድ ላይከን

በደብረ ብርሃን አቅራቢያ ያደግሁበት ግቢ ዙሪያውን በድንጋይ ካብ የታጠረ ነበር። በካቡ ድንጋዮች ላይ ግራጫ፣ ነጣ ያለ አረንጓዴ፣ አልፎ አልፎም ብርቱካንማ መልክ ያላቸው፣ በጥፍር ቢፋቁ እንኳ በቀላሉ የማይለቁ ክብ ክብ ልጣፎች ይታዩ ነበር። አያቴን ምን እንደሆኑ ስጠይቃት፣ «የድንጋይ ሽበት ነው ልጄ፤ ድንጋይም ሲያረጅ ይሸብታል» አለችኝ። ከብዙ ዓመታት በኋላ የሥነ ሕይወት ትምህርት ስማር እነዚያ ልጣፎች «ላይከን» እንደሚባሉ ዐወቅሁ። ዛሬ እኔም ይህንኑ ትምህርት ለሌሎች አስተምራለሁ፤ ነገር ግን አያቴ ከነገረችኝ የተሻለ ስም እስካሁን አላገኘሁም። ሽበት የዕድሜ ምልክት ነው፤ ዛሬ የምጽፍለት የአንታርክቲካ ላይከን ደግሞ ከዕድሜ ጋር ያለው ነገር እጅግ የሚያስደንቅ ነው። በሳይንስ ቡኤሊያ ፍሪጊዳ ይባላል፤ «ፍሪጊዳ» በላቲን ቀዝቃዛ ማለት ነው። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት፣ ሌላ ካላልሁ በቀር፣ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ስለ እርሱ ከመናገሬ በፊት፣ ላይከን ምን እንደሆነ በዐይኔ ያየሁበትን ቀን ላስታውስ። አንድ የበጋ ጧት ከካቡ ላይ ጠፍጣፋ ድንጋይ አንሥቼ በአጉሊ መነጽር ስመለከተው፣ ከሩቅ ለስላሳ ይመስል የነበረው ግራጫ ልጣፍ በበጋ እንደ ተሰነጣጠቀ የዋልካ ማሳ በጥቃቅን ስንጥቆች የተከፋፈለ ሆኖ ታየኝ። በመካከሉም የጤፍ ፍሬ የሚያካክሉ ጥቁር ክብ ነገሮች ተበትነው ነበር። ደርቆ የሞተ ይመስላል። ከዚያ በጣቴ ጫፍ አንድ ጠብታ ውኃ አደረግሁበት፤ ገና አንድ ደቂቃ እንኳ ሳይሞላ ጠብታው ያረፈበት ቦታ ከግራጫነት ወደ አረንጓዴነት ተለወጠ። የላይኛው ሽፋን ውኃ ሲጠጣ ብርሃን አሳላፊ ስለሚሆን፣ ከሥሩ ተደብቆ የነበረው አረንጓዴ ሕይወት ይገለጣል። በዚያች ቅጽበት የተሰማኝን ደስታ እስካሁን አልረሳውም፤ ከዚያ ወዲህም ለተማሪዎቼ ስለ ላይከን ሳስተምር ከማንኛውም ሥዕል አስቀድሜ የማሳያቸው ይህንኑ ነው።

ያ አረንጓዴ ነገር ዋቅላሚ ወይም አልጌ ነው፤ ግራጫው ሽፋን ደግሞ ፈንገስ ነው። ላይከን አንድ ፍጡር ሳይሆን የሁለት ፍጡራን የጋራ ኑሮ መሆኑን የስዊዘርላንዱ ተመራማሪ ሲሞን ሽቬንደነር በ1867 ባስታወቀ ጊዜ፣ በዘመኑ የነበሩ ብዙ የላይከን ሊቃውንት አጥብቀው ተቃውመውት ነበር። ፈንገሱ ቤት ይሠራል፤ ዋቅላሚው በቤቱ ውስጥ ተጠልሎ በፀሐይ ብርሃን ምግብ ያዘጋጃል፤ ከምግቡም ፈንገሱ ይካፈላል። በቡኤሊያ ፍሪጊዳ ውስጥ የሚኖረው ዋቅላሚ ትሬቡክሲያ ከሚባለው ወገን ነው፤ ይህ ወገን በአንታርክቲካ ብቻ ሳይሆን በዓለም ዙሪያ በብዙ ላይከኖች ውስጥ የሚገኝ ነው።

ቡኤሊያ ፍሪጊዳ ዐለቱን እንደ ቅርፊት ተጣብቆ የሚኖር ላይከን ነው። ሥር፣ ግንድ ወይም ቅጠል የለውም፤ ዐለቱንም ሳይሰብሩ እርሱን ብቻ አንሥቶ መውሰድ አይቻልም። መካከሉ ከአመድማ ግራጫ እስከ ቡናማ ሲሆን፣ ወደ ዳር የሚዘረጉት ጫፎቹ ጠቆር ያሉ ናቸው። ይህ ጥቁረት ሁለት ጥቅም አለው። በአንድ በኩል፣ የሰው ቆዳ ሜላኒን እንደሚያደርገው ሁሉ፣ ከፀሐይ የሚመጣውን ጎጂ የአልትራቫዮሌት ጨረር ይከላከላል፤ በደቡብ ዋልታ ሰማይ ላይ የኦዞን ሽፋን በየዓመቱ በፀደይ ወራት እንደሚሳሳ ለሚያውቅ ሰው ይህ ቀላል ነገር አይደለም። በሌላ በኩል ደግሞ ጥቁር ነገር ሙቀትን ስለሚስብ፣ አየሩ ከዜሮ በታች በሆነበት ሰዓት እንኳ ፀሐይ ያረፈችበት ላይከንና ዐለቱ ከአየሩ ይልቅ በብዙ ዲግሪ ሊሞቁ ይችላሉ። በነፋስ ተገፍቶ የመጣ ቀጭን በረዶ ባረፈበት ጊዜ የሚቀልጠው በዚህ ሙቀት ነው፤ ላይከኑም የቀለጠችውን ጥቂት ውኃ ነፋስ ሳያደርቃት በፍጥነት ይጠጣታል።

የዚህ ላይከን ዋናው ችግር ብርድ ሳይሆን ጥማት ነው። አንታርክቲካን በሐሳባችን የምንስላት በበረዶ ብዛት ነውና ይህ አባባል መጀመሪያ ሲሰሙት እንግዳ ይሆናል። ከአህጉሪቱ መሬት በረዶ ያልሸፈነው ከመቶ አንድ እጅ እንኳ አይሞላም፤ በረዶ ካልሸፈናቸው ቦታዎች መካከል በስፋቱ ቀዳሚው የማክመርዶ ደረቅ ሸለቆዎች የሚባለው አካባቢ ነው። በነዚህ ሸለቆዎች ወለል ላይ በዓመት የሚወርደው በረዶ ቀልጦ ቢለካ ወደ 50 ሚሊሜትር ቢደርስ ነው፤ በብዙ ቦታም ከዚያ እጅግ ያነሰ ነው። አዲስ አበባ በዓመት ከ1000 ሚሊሜትር በላይ ዝናብ እንደምታገኝ ካሰብን ልዩነቱ ግልጽ ይሆናል። ዝናብ በዚያ አይታወቅም ማለት ይቻላል። ከወረደው በረዶም ብዙው ወደ ውኃነት ሳይለወጥ በቀጥታ ወደ አየር ይተናል፤ ከከፍተኛው የበረዶ አምባ ቁልቁል የሚነፍሰው ደረቅ ነፋስም የቀረውን ይጠርገዋል።

በእንዲህ ያለ ቦታ የሚኖር ፍጡር አብዛኛውን ዕድሜውን የሚያሳልፈው በመጠበቅ ነው። ደርቆ ሳለ አይተነፍስም፣ አያድግም፣ ምግብም አያዘጋጅም ቢባል ከእውነት የራቀ አይደለም፤ ይሁን እንጂ አልሞተም። ክረምቱን ፀሐይ በማትወጣበት ጨለማ ውስጥ እንደዚሁ ያሳልፈዋል። በበጋ ጥቂት በረዶ ወርዶበት ፀሐይ ስትወጣ ግን በደቂቃዎች ውስጥ ነቅቶ ብርሃን አስተጻምሮ ይጀምራል፤ ሲደርቅም ተመልሶ ያንቀላፋል። ኦቶ ላንገና ሉድገር ካፐን የተባሉ ጀርመናውያን ተመራማሪዎች በ1970ዎቹ መጀመሪያ ላይ ባሳተሙት ጥናት፣ የአንታርክቲካ ላይከኖች የሙቀቱ መጠን ከዜሮ በታች 10 ዲግሪና ከዚያም በታች በሆነ ጊዜ እንኳ ምግብ ማዘጋጀት እንደሚችሉ አሳይተዋል። ውኃው በረዶ በሆነበት ሰዓት ከበረዶው የሚወጣውን እንፋሎት ብቻ ስበው መሥራት መቻላቸው ለእኔ ከሁሉ ይልቅ የሚደንቀኝ ነገር ነው።

ዕድገቱን በተመለከተ ትንሽ ልዘግይ፤ ይህን ጽሑፍ እንድጽፍ ያነሣሣኝም ይኸው ነው። ተመራማሪዎች በማክመርዶ ሸለቆዎች ውስጥ በአንድ ዐለት ላይ ያሉትን የቡኤሊያ ፍሪጊዳ ልጣፎች ፎቶግራፍ አንሥተው፣ ከብዙ ዓመታት በኋላ ወደዚያው ዐለት ተመልሰው ዳግመኛ በማንሣት ሁለቱን ምስሎች አነጻጽረዋል። ሊዮፖልዶ ሳንቾ የተባለው ስፔናዊና አለን ግሪን የተባለው የኒውዚላንድ ተመራማሪ ከባልደረቦቻቸው ጋር በዚህ ሥራ ስማቸው የታወቀ ነው። ያገኙት ውጤት፣ በነዚያ ሸለቆዎች ላይከኑ የሚያድገው በመቶ ዓመት አንድ ሚሊሜትር ያህል ወይም ከዚያ በታች መሆኑን ያመለክታል። ሰው ተወልዶ፣ ሸምግሎ፣ የልጅ ልጅ አይቶ እስኪያልፍ ድረስ ያ ልጣፍ የሚሰፋው የእርሳስ ነጥብ የምታህል ስፋት እንኳ አይሞላም።

ይህን ቁጥር ተማሪዎቼ በዐይነ ሕሊናቸው እንዲያዩት፣ አንድ ብር ሳንቲም አውጥቼ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጣለሁ። ሳንቲሙ ከዳር እስከ ዳር ሁለት ሳንቲሜትር ተኩል ያህል ነው፤ ከመካከሉ እስከ ዳሩ ደግሞ ከ12 ሚሊሜትር ይበልጣል። ልጣፉ ከመካከል ተነሥቶ በየአቅጣጫው በመቶ ዓመት አንድ ሚሊሜትር እየሰፋ ሄደ ብንል፣ ፍጥነቱም በዘመናት መካከል አልተለወጠም ብለን ብናሰላ፣ የሳንቲሙን ስፋት ለመሙላት ከ1200 ዓመት በላይ ያስፈልገዋል። የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት በ12ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻና በ13ኛው መጀመሪያ ገደማ ከዐለት ተፈልፍለው ወጡ ከሚለው የተለመደ ትረካ ብንነሣ፣ ያ የሳንቲም ያህል ልጣፍ የመጀመሪያው መዶሻ ዐለቱን ሲመታ ዕድሜው ከ400 ዓመት በላይ ሆኖት ነበር ማለት ነው። በሸለቆዎቹ ዐለት ላይ ደግሞ ከሳንቲም የሚበልጡ ልጣፎች አሉ። ላሊበላን ካነሣሁ አይቀር፣ በነዚያ አብያተ ክርስቲያናት ግድግዳና ጣሪያ ላይም ላይከኖች በቅለዋል፤ እዚያ ግን ለስላሳውን ዐለት ቀስ በቀስ ስለሚጎዱት የቅርስ ጥበቃ ባለሙያዎችን ከሚያሳስቡ ነገሮች አንዱ ሆነዋል። በአንዱ ስፍራ የምንሳሳለት ፍጡር በሌላው ስፍራ የምንከላከለው መሆኑ ልብ ሊባል ይገባዋል።

ዕድገቱ በሁሉም ቦታ እኩል አይደለም። እርጥበት በሚበዛበት በባሕሩ ዳርቻ ቡኤሊያ ፍሪጊዳ በደረቁ ሸለቆ ካለው ወገኑ ፈጥኖ ያድጋል፤ በሰሜን በኩል በሚገኙት ደሴቶች ላይ የሚኖሩ ሌሎች ላይከኖችማ ከደረቁ ሸለቆ ላይከን እስከ መቶ እጥፍ ይፈጥናሉ። ተመራማሪዎች በነዚህ ልጣፎች ላይ ዐይናቸውን የተከሉትም በዚህ ምክንያት ነው፤ አየሩ ሲሞቅ ወይም እርጥበቱ ሲለወጥ የልጣፉ ጠርዝ ይመሰክራልና።

አሁን ወደ ታሪኩ ልምጣ። ታሪኩ የሚጀምረው እንግሊዛዊው ሮበርት ስኮት ዲስከቨሪ በምትባለው መርከብ ከ1901 እስከ 1904 ወደ አንታርክቲካ ከመራው ጉዞ ነው። በታኅሣሥ 1903 ስኮት ከኤድጋር ኢቫንስና ከዊሊያም ላሽሊ ጋር ከበረዶው አምባ ሲመለስ፣ ዛሬ ቴይለር ሸለቆ ወደሚባለው በረዶ አልባ ሸለቆ ወረደ። በመገረምም የሙታን ሸለቆ አለው፤ በውስጡም አንድ ሕያው ነገር፣ ላይከን ወይም ሞስ የሚባለው ለስላሳ አረንጓዴ ተክል እንኳ እንዳላዩ፣ ያገኙት ነገር ቢኖር የአንድ የባሕር እንስሳ ዐፅም ብቻ እንደሆነ ጻፈ። የላይከኑ ዕድገት እጅግ አዝጋሚ መሆኑ በጥናት የተረጋገጠው ግን በዚያው በቴይለር ሸለቆ ባሉ የቡኤሊያ ፍሪጊዳ ልጣፎች ላይ ነው። ስኮትን አልወቅሰውም፤ ሦስቱ ሰዎች ከረጅም ጉዞ የሚመለሱ ነበሩ፤ ደረቅ ላይከን ደግሞ ለማያውቀው ሰው የዐለቱ የራሱ ቀለም ይመስላል። እርሱ በሸለቆው ባለፈበት ቀን የነበሩት ልጣፎች ዛሬም እዚያው ካሉ፣ ከዚያን ቀን ወዲህ የሰፉት አንድ ሚሊሜትር ገደማ ነው።

የላይከኑ የመጀመሪያ ናሙናም የመጣው ከዚያው ጉዞ ነው። በማክመርዶ ባሕር ሰርጥ ዳርቻ ግራናይት ሃርበር ከሚባለው ወደብ የተገኘ ሲሆን፣ ኦቶ ቨርነን ዳርቢሻየር የተባለው እንግሊዛዊ የላይከን ሊቅ በ1910 መርምሮ ስም አወጣለት። በጉዞው ላይ የእፀዋት ጉዳይ በኃላፊነት የተሰጠው ለሐኪሙ ለሬጂናልድ ኮትሊትዝ ነበር። ስለዚህ ሰው ሳነብ ልቤ ዘለለ፤ ኮትሊትዝ ወደ አንታርክቲካ ከመሄዱ ከሁለት ዓመት ገደማ በፊት በአገራችን ነበርና። በ1898 እና 1899 ኸርበርት ዌልድ ብላንደል የመራው ቡድን ከበርበራ ተነሥቶ አዲስ አበባ ደርሶ በምዕራብ በኩል ወደ ሱዳን በወጣበት ጉዞ የቡድኑ ሐኪም እርሱ ነበር። በዐፄ ምኒልክ ዘመን የእኛን ደጋ ያቋረጠ ሰው፣ በ1902 የአንታርክቲካን ዐለት በእጁ ዳሰሰ። መንገዱ በየት በየት እንዳለፈ በካርታ ላይ እየተከተልሁ ብዙ ምሽት አምሽቻለሁ፤ በእኛ አገር ድንጋይ ላይ ያለውን ሽበትም ቆም ብሎ አይቶት ይሆን እያልሁ አስባለሁ።

አንድ የተሳሳትሁትን ነገር እዚህ ማረም እፈልጋለሁ። ከጥቂት ዓመታት በፊት ለተማሪዎቼ ስለዚህ ላይከን ስነግራቸው፣ «በጠፈርም ቢሆን አይሞትም፤ ማርስ ላይም ሊኖር ይችላል» ብዬ ነበር። እንዲህ ያለው ወሬ በሰፊው ስለሚነገር ሳላጣራ ተቀብዬዋለሁ። እውነቱ ሌላ ነው። ባዮሜክስ በሚባል ሙከራ ቡኤሊያ ፍሪጊዳ ከ2014 እስከ 2016 ባለው ጊዜ ውስጥ ለአንድ ዓመት ተኩል ያህል በዓለም አቀፉ የጠፈር ጣቢያ ውጫዊ አካል ላይ ተቀምጦ ነበር። ቀደም ብሎ በምድር ላይ በተደረጉ የማስመሰያ ሙከራዎች በርትቶ ስለተገኘ የተጣለበት ተስፋ ከፍተኛ ነበር። ተመልሶ ሲመረመር ግን በናሙናዎቹ ውስጥ ከነበረው ዋቅላሚ የሞተው እስከ 100 በመቶ፣ ከፈንገሱም የሞተው እስከ 97.8 በመቶ ደርሷል። ለማነጻጸሪያ በምድር ላይ ከቀሩት ናሙናዎች ፈንገስ ግን የሞተው 14.5 በመቶ ብቻ ነበር። ውጤቱ በ2019 ሲታተም አጥኚዎቹ ይህ ላይከን በማርስ ላይ ለአጭር ጊዜ እንኳ ሊኖር መቻሉ አጠራጣሪ ነው ብለው ደመደሙ።

የወሬው ምንጭ ምናልባት የሌሎች ላይከኖች ታሪክ ከዚህ ጋር መደባለቁ ነው። በ2005 ሁለት ሌሎች ዝርያዎች በሩሲያ መንኩራኩር ለሁለት ሳምንት ያህል ጠፈር ውስጥ ከርመው በሕይወት ተመልሰዋል፤ ያንን ጥናት የመራውም ከላይ የጠቀስሁት ሳንቾ ነው። ቡኤሊያ ፍሪጊዳ ግን እንደዚያ አልሆነለትም። ተማሪዎቼን ሰብስቤ የቀደመው ንግግሬ ስሕተት እንደነበረ ነገርኋቸው። ከመካከላቸው አንዲት ልጅ፣ «ታዲያ መምህር፣ ከዚያ ሁሉ ብርድ የተረፈ ነገር እንዴት ሞተ?» ስትል ጠየቀችኝ። የመለስሁላት እንዲህ ብዬ ነው፦ ይህ ላይከን የሚችለው ማንኛውንም መከራ ሳይሆን የራሱን ዐለት መከራ ነው። በሸለቆው ምንም ያህል ቢደርቅ አንድ ቀን በረዶ ያርፍበታል፤ ነቅቶም የተጎዳውን አካሉን ይጠግናል። በጠፈር ግን ጨረሩ ያለ ሽፋን ያለማቋረጥ እየወረደበት፣ ነቅቶ የሚጠግንባት አንዲት እርጥብ ሰዓት አላገኘም። ይህ የእኔ መረዳት ነው፤ እርግጥ የሆነው ግን ጽናቱን እያጋነንን ስናወራ ምን ያህል በቀላሉ ሊጠፋ እንደሚችል መርሳታችን ነው።

አንድ ልጣፍ በጫማ ቢፋቅ ወይም በመዶሻ ቢፈለጥ በእኛም ሆነ በልጅ ልጆቻችን ዘመን አይተካም። ዘር የሚተካው በላዩ በሚታዩት ጥቁር ክብ ፍሬዎች ውስጥ በሚፈጠሩ፣ ስፖር በሚባሉ ጥቃቅን የመራቢያ ቅንጣቶች ነው፤ ስፖሩ የሚይዘው ደግሞ የፈንገሱን ዘር ብቻ ስለሆነ፣ ባረፈበት ዐለት ላይ የሚስማማውን ዋቅላሚ እንደ አዲስ ማግኘት አለበት። በ1959 በተፈረመው የአንታርክቲካ ስምምነት ላይ በ1991 የተጨመረው የአካባቢ ጥበቃ ፕሮቶኮል እፀዋቱን ያለ ፈቃድ መውሰድን ይከለክላል፤ ወደ አንዳንድ ሥፍራዎችም ያለ ፈቃድ መግባት እንኳ አይቻልም። ጥበቃው እንዲህ ጥብቅ መሆኑ ለእኔ ተገቢ ነው።

በ2012 ዓ.ም. በእኛ አቆጣጠር፣ በአያቴ ካብ ላይ ካሉት ግራጫ ልጣፎች አንዱን ከጎኑ አንድ ብር ሳንቲም አስቀምጬ በስልኬ ፎቶግራፍ አነሣሁት። አያቴ ዛሬ በሕይወት የለችም፤ ካቡ ግን አለ። ባለፈው ጥቅምት ሄጄ፣ ያንኑ ድንጋይ ፈልጌ፣ ያንኑ ሳንቲም በዚያው ቦታ አስቀምጬ ዳግመኛ አነሣሁት። ሁለቱን ምስሎች ጎን ለጎን ሳያቸው፣ ቀድሞ ከሳንቲሙ ራቅ ብሎ የነበረው የልጣፉ ጠርዝ አሁን ወደ ሳንቲሙ ሁለት ሚሊሜትር ያህል ቀርቧል። በቴይለር ሸለቆ ይህን ለማየት ከሁለት መቶ ዓመት በኋላ መመለስ ያስፈልግ ነበር። ድንጋዩን ወደ ካቡ ስመልሰው፣ ልጣፉ ያለበት ፊት እንደ ቀድሞው ወደ ሰማይ እንዲሆን አድርጌ አስቀመጥሁት።